ጂኤንኤስ3 ያለውን ኢሜጅ «የለም» ሲለኝ

ጂኤንኤስ3 ኔትወርክ ኮምፒውተር ላይ አስመስሎ መሥሪያ ፕሮግራም ነው። ለሬጂስትሪው (ለቴምፕሌቶቹ የጋራ ማከማቻ) አዲስ የቨርቹዋል ማሽን ቴምፕሌት እያዘጋጀሁ ነበር። ቴምፕሌቱ የትኛው ኢሜጅ (የማሽኑ የዲስክ ፋይል) እንደሚያስፈልግ የሚገልጽ የጄሶን ፋይል ነው፤ ቼክ.ፓይ የሚባለው መፈተሻ ስክሪፕት ያለ ስህተት አሳለፈልኝ። እኔ ላፕቶፕ ላይም ይሠራል። አራት ኪሎ ያለው ጓደኛዬ ግን ያንኑ ኢሜጅ አውርዶ ኢምፖርት ሲያደርግ «ፋይሉ የለም» ይለዋል። ፋይሉ እኮ ፊቱ ተቀምጧል!

ጄሶኑን እንደገና ጻፍኩት። የፋይሉን ስም አስተካከልኩ። ጂኤንኤስ3ን አጥፍቼ ጫንኩ። ወይ ፍንክች።

በሦስተኛው ቀን ፒያሳ ተገናኘን። ማኪያቶው እየቀዘቀዘ ሁለታችንም ኢሜጁ ላይ ኤምዲ5ሰም (ከፋይሉ ይዘት ሀሽ የሚባል መለያ ቁጥር የሚያወጣ ትእዛዝ) አስኬድን። ቁጥሩ ለየቅል! ለካ እኔ ሀሹን ያወጣሁት ኢሜጁን በኪሙ (ቨርቹዋል ማሽን ማስነሻ ፕሮግራም) አስነስቼ ከሞከርኩት በኋላ ነው። ማሽኑ ሲነሳ ሎግ ምናምን ይጽፋል፤ ኪኮው2 ፋይሉ (ኢሜጁ ራሱ) ይለወጣል፣ ሀሹም አብሮ። ጂኤንኤስ3 ደግሞ ኢሜጁን የሚለየው ጄሶኑ ላይ በተጻፈው ሀሽ ነው።

ኢሜጁን እንደ አዲስ አወረድኩ፤ ሌሊት፣ ኔቱ ሲሻለው። ሳላስነሳው ኤምዲ5ሰሙንና በባይት ያለውን መጠን ወስጄ ጄሶኑ ላይ ተካሁ። ከዚያ ኢሜጁን በቼሞድ 444 ለንባብ ብቻ አድርጌ ቆለፍኩት። አሁን ስሞክር ኪሙን በስናፕሾት አማራጭ ነው የማስነሳው፤ የሚጻፈው ሁሉ ጊዜያዊ ፋይል ላይ ይቀራል፣ ዋናው አይነካም።

ጓደኛዬ ጋ በአንድ ሙከራ ገባ። ቴምፕሌቱ ሬጂስትሪው ውስጥ እንዲገባ የሚጠይቀውን ፑል ሪኩዌስት ያኔውኑ ላክሁ።