የሠራተኛን ጤና ያገናዘበ የዝውውር ውሳኔ አሰጣጥ

ወሎ ውስጥ ሠራተኛን ከአንድ ወረዳ ወደ ሌላው ማዛወር ብዙውን ጊዜ የአየር ንብረትም ለውጥ ነው። ከደሴ ኮምቦልቻ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሆንም ቁልቁለቱ ከ500 ሜትር ይበልጣል፤ ወደ ባቲ ሲወረድ ቆላው ይጀምራል፣ ወደ ደላንታ ወረዳ ዋና ከተማ ወደ ወገል ጤና ሲወጣ ደግሞ የሚጠብቀው የደጋ ብርድ ነው። ስለዚህ ጤናን ምክንያት ያደረገ ማመልከቻ የቀረበለት የዝውውር ኮሚቴ አስቀድሞ ሊያጣራ የሚገባው የበሽታውን ስም ሳይሆን ቦታውና ሥራው በሠራተኛው ላይ የሚያስከትሉትን ጫና ነው።

ብዙ የሐኪም ማስረጃዎች «ለጤናው ተስማሚ ወደሆነ ቦታ ይዛወር» ከማለት አያልፉም፤ እንዲህ ያለው ማስረጃ ኮሚቴውን ለግምት፣ ሠራተኛውን ለሐሜት ይዳርጋል። መሥሪያ ቤቱ በሠራተኛው ፈቃድ ለሐኪሙ ወይም ለሕክምና ቦርዱ ሲጽፍ፣ ሠራተኛው በቀን ስንት ሰዓት እንደሚቆም፣ ምን ያህል ክብደት እንደሚያነሣ፣ ወደ ቀበሌዎች በእግር ይሄድ እንደሆነ ገልጾ፣ ከእነዚህ የትኛውን መሥራት እንደሌለበት፣ ገደቡ ለምን ያህል ጊዜ እንደሚቆይ፣ ክትትሉ በጤና ጣቢያ ይሰጥ ወይም የግድ ስፔሻሊስት ይፈልግ እንደሆነ ይጠይቅ። ለእነዚህ መልስ ከተገኘ የበሽታውን ስም ማወቅ ለውሳኔው እምብዛም አያስፈልግም።

ቀጥሎ የሚመረመረው የሚዛወርበት ቦታ ነው፤ እንደ እኔ እምነት ኮሚቴዎች በጣም የሚዘነጉት ይህንኑ ነው። አስም ያለበትን ሰው ከብርድ ለማራቅ ተብሎ ኮምቦልቻ ቢላክና ሥራው የጥጥ ብናኝ ወይም የእህል አቧራ ያለበት መጋዘን ቢሆን፣ ዝውውሩ ሕመሙን ሊያባብሰው ይችላል። ኢንሱሊን የሚወስድ ሠራተኛ ወደ ሞቃት ቆላ ሲመደብ መድኃኒቱ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴልሺየስ የሚቀመጥበት ማቀዝቀዣና አስተማማኝ መብራት መኖሩ ይረጋገጥ። ደሴ ላይ ቋሚ ክትትል ያላት ሠራተኛ ደላንታ ብትመደብ በየቀጠሮዋ የበሽሎን ወንዝ ሸለቆ ወርዳ መውጣት ይኖርባታልና የመንገዱ ድካምም ከውሳኔው ጋር ይመዘን።

ነፍሰ ጡር ሠራተኞችን በተመለከተ ጥንቃቄው የላቀ ሊሆን ይገባል። በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት፣ ሥራው ለእርሷም ሆነ ለጽንሱ ጤና አደገኛ መሆኑ በሐኪም ከተረጋገጠ አሠሪው ወደ ሌላ የሥራ ቦታ ሊያዛውራት ይገባል። ከዚህ ጋር፣ እንደ ቆቦ ባሉ ቆላማ አካባቢዎች ወባ ከክረምት ማግስት ጀምሮ ስለሚበረታና ነፍሰ ጡርን ክፉኛ ስለሚጎዳ፣ ከደጋ ወደዚያ መመደብ ቢቻል ከወሊድ በኋላ ይቆይ።

ዝውውር ሁልጊዜ መፍትሔ አይደለም። ጉልበቱን የሚያመውን የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ከላይኛው ፎቅ ወደ ምድር ቤት ማውረድ ከቤተሰቡ ሳይለይ ችግሩን ሊያቃልልለት ይችላል። የግድ መዛወር ካለበትም በቅድሚያ ደረጃውና ደመወዙ የማይቀንስበት መደብ ይፈለግ፤ ጤናን ሰበብ አድርጎ ያልተፈለገን ሰው ማራቅ ግን በደል ነውና ሠራተኛው ቀርቦ አስተያየቱን ይስጥ፣ የተናገረውም በቃለ ጉባኤው ይስፈር። የሐኪሙ ማስረጃ በታሸገ ፖስታ ተለይቶ ይቀመጥ፤ በዝውውር ደብዳቤው ላይ የሚጻፈውም «በቀረበው የሕክምና ማስረጃ መሠረት» ብቻ ይሁን፤ ደብዳቤው በግልባጭ ለብዙ ክፍሎች ይደርሳልና።