የልጆች የገና ጌጥ ደሴ ላይ ለምን ይበላሻል? ችግርና መፍትሄ

ኢንተርኔት ላይ የምናየው የገና ጌጥ የሚሠራው ኦቨን ባለበት፣ ማሞቂያ ባለበት፣ ሙጫ ቶሎ በሚደርቅበት ቤት ነው። እኛ ጋ ደግሞ ታኅሣሥ ነው። የጦሳ ተራራ ብርድ ወርዶ ጠዋት ውሃ መንካት ራሱ ያስፈራል። ስለዚህ አብዛኛውን ጊዜ ሥራው የሚበላሸው የልጆቹ እጅ አልችል ብሎ አይደለም። ነገሩ ስላልደረቀ ነው። ብዙ ሰው የሚያጋጥመውን ችግር ከነምክንያቱ አስቀምጫለሁ። የራሳችሁን ፈልጉና ከዚያው ጀምሩ።

መጀመሪያ ግን ቀኑን እንያዝ። ገና ታኅሣሥ 29 ነው፤ ጳጉሜን 6 ቀን ከሆነች በኋላ በሚመጣው ዓመት ደግሞ 28። መድረቅ ያለበትን ሁሉ ቢዘገይ ቢዘገይ ታኅሣሥ 20 ላይ ጀምሩት። ወረቀት ብቻ የሆነው ለመጨረሻዎቹ ቀናት ይቆይ። እንዲያውም የልጆቹ ጉጉት የሚነሳው ያኔ ነው።

ማታ የተሰቀለው የወረቀት ሰንሰለት ጠዋት መሬት ላይ ተገኘ

ሦስት ምክንያት ሊኖረው ይችላል።

አንደኛው ሙጫው አልበሰለም። ዱቄትን በቀዝቃዛ ውሃ አሽቶ መቀባት ለጊዜው ያጣብቃል፤ ሲደርቅ ግን ዱቄት ሆኖ ይረግፋል። ዱቄቱ ሙጫ የሚሆነው በሙቀት ሲያብጥ ነው፤ ለዚህም ከ60 ዲግሪ በላይ ያስፈልገዋል። ደሴ ከፍታ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ለዱቄት ይህ ከበቂ በላይ ነው። አሠራሩ እንደ አጥሚት ነው፦ አንድ ኩባያ የፉርኖ ዱቄት በአንድ ኩባያ ቀዝቃዛ ውሃ በጥብጡ፤ ከዚያ ሦስት ኩባያ የፈላ ውሃ ውስጥ እያማሰላችሁ ጨምሩ። ነጭነቱ ለቆ ወፈር ሲልና ማብረቅ ሲጀምር አውርዱት። ከጓጎለ ማጥለያ አለ። ዱቄቱን በቀጥታ የፈላ ውሃ ላይ ከበተናችሁት ግን የሚጓጉለው ማጥለያም አያድነውም።

ሁለተኛው ወረቀቱ ነው። የድሮ ካላንደርና የመጽሔት ሽፋን ያብረቀርቃል፣ ለዓይን ያምራል፤ ነገር ግን ሙጫ አይጠጣም። የዱቄት ሙጫ የሚይዘው ወረቀቱ ውስጥ ሲሰርግ ነው። ለሚያብረቀርቅ ወረቀት ስቴፕለር ወይም ፕላስተር ተጠቀሙ። ለልጅ የሚሻለው ያለቀ ደብተር ነው። በከለር ይቀባና ወደ 3 ሳንቲሜትር ስፋት፣ 20 ሳንቲሜትር ርዝመት ይቆረጣል። ከዚህ ከቀጠነ ትንሽ ሲሳብ ይበጠሳል።

ሦስተኛው ብርዱ ነው። ደሴ 2,500 ሜትር አካባቢ ከፍታ ላይ ናት። ኮምቦልቻ ወደ 1,850 ገደማ። በመኪና ብዙ አይራራቁም፤ በሙቀት ግን የአራት ዲግሪ ያህል ልዩነት አለ። ኮምቦልቻ ከምሳ በኋላ ተሠርቶ ማታ የሚሰቀለው ሰንሰለት ደሴ ላይ እርጥብ ሆኖ ያድራል። የአናጢዎቹ ነጭ ኮላም ብርድ ላይ ሲደርቅ እንደ ጠመኔ ነጣ ብሎ ይላጣል እንጂ አይዝም። መፍትሄው ሰዓት መምረጥ ነው። ከጠዋቱ 4 ሰዓት እስከ 9 ሰዓት ባለው ፀሐይ ሥሩ፣ እዚያው ፀሐይ ላይ አድርቁ፣ ከደረቀ በኋላ ስቀሉ። ማታ ማታ መቁረጥና ቀለም መቀባት ብቻ ይሁን።

ኮምቦልቻ ያላችሁ ደግሞ ችግራችሁ ሌላ ነው። የዱቄት ሙጫው ቶሎ ይኮመጥጣል። ትንሽ ትንሽ እያፈላችሁ በየሁለት ቀኑ አዲስ አድርጉት።

እዚህ ላይ አንድ ነገር በጥብቅ ልናገር። ሥራው እንዲደርቅ ብላችሁ የከሰል ማንደጃ ወደ ተዘጋ ክፍል አታስገቡ። በተለይ ልጆች ወደሚተኙበት። ከሰል የሚያወጣው ጋዝ ሽታ የለውም፤ ሰው ሳይነቃ ይገድላል። ጭሱ ስላለቀ ጋዙ አለቀ ማለት አይደለም። ያልደረቀ ኮከብ ነገም ይደርቃል።

የጨው ሊጡ ተሰነጠቀ፣ አበጠ ወይም ተመልሶ ለሰለሰ

ልጆች ከሁሉም የሚወዱት ይህንን ነው። ከሁሉም በላይ የሚበላሸውም ይኸው ነው።

ልኩ ሁለት ኩባያ የፉርኖ ዱቄት፣ አንድ ኩባያ ደቃቅ ጨውና እስከ አንድ ኩባያ ውሃ ነው። ውሃውን በአንድ ጊዜ አታፍሱት፤ እጅ ላይ መጣበቅ ሲያቆም ይበቃዋል። ከዚያ ኮከብ፣ በግ፣ መስቀል፣ የፈለጉትን ይቅረጹ። በብርጭቆ አፍ ክብ ማውጣትም ይቻላል። ለክሩ የሚሆነውን ቀዳዳ ሳይደርቅ በስኪሪብቶ ቀፎ ብሱት። ይህን ስንቱ ይረሳዋል መሰላችሁ!

ከተሰነጠቀ፣ ላዩ ደርቆ ውስጡ እርጥብ ነበር ማለት ነው። ወይ ሊጡ ወፍሯል፣ ወይ በኃይለኛ ሙቀት ለማድረቅ ተቸኩሏል። ውፍረቱ ከግማሽ ሳንቲሜትር አይለፍ። ስንጥቁን ያንኑ ሊጥ በውሃ አቅጥናችሁ በጣት ሙሉትና እንደገና አድርቁት።

ካበጠ፣ ምጣዱ ግሏል። እንፋሎቱ መውጫ አጥቶ ሊጡን ነፍቶታል። ኦቨን ለሌለው ቤት ጥሩው ዘዴ ይህ ነው፦ እንጀራ ተጋግሮ ካለቀ በኋላ ምጣዱን አጥፉት። እጃችሁን አስደግፋችሁ ሳያቃጥላችሁ መቆየት ስትችሉ ወረቀት አንጥፉና ሊጡን ደርድሩበት። ሲቀዘቅዝ አንሱና የቀረውን በፀሐይ ጨርሱ፤ በየቀኑ እየገለበጣችሁ። ደሴ ላይ ብዙ ቀን ይፈልጋል። ምጣድ የሚያነካኩት ደግሞ ትልልቆች ብቻ ናቸው።

ደርቆ ሳለ ከተሰቀለ በኋላ ከለሰለሰ፣ ጥፋቱ የጨው ነው። ጨው ከአየር ላይ እርጥበት ይስባል። ከወጥ ቤት እንፋሎት አርቁት። በደንብ ከደረቀ በኋላ ፊቱንም ጀርባውንም በነጭ ኮላ ወይም ቀለም በሌለው የጥፍር ቀለም ቀቡት። እርጥቡን ከቀባችሁት ግን ውሃውን ውስጡ ቆለፋችሁበት ማለት ነው፤ ይሻግታል።

ለቀለም ገበያ መውጣት አያስፈልግም። ሊጡ ሲቦካ እርድ ከተጨመረበት ቢጫ፣ የተፈጨ ቡና ከተጨመረበት ቡናማ ይሆናል። የእርዱ ቀለም ፀሐይ ላይ ስለሚደበዝዝ ቢጫውን ጥላ ላይ አድርቁት። ሳሙና ሲነካው ደግሞ ወደ ቀይ ይለወጣል። ልጆቹ ይህን ካዩ ጌጡን ትተው ሙከራ ይጀምራሉ፤ ተዉአቸው። በርበሬ ግን አይሁን። የልጅ እጅ ዓይን ጋ መድረሱ አይቀርም። ትንንሾቹ ሊጡን እንዳይበሉም ተጠንቀቁ፤ ያን ያህል ጨው ለሕፃን አደገኛ ነው።

ፈንዲሻው አልፈነዳም፣ ወይም መርፌ ሲገባበት ተሰባበረ

በክር የተሰካ ፈንዲሻ ከጥጥ የተሻለ ነጭ ጌጥ ነው፤ ጾሙንም አያስፈታም። አልፈነዳ ካለ መጀመሪያ በቆሎው የፈንዲሻ መሆኑን አረጋግጡ። የተራው በቆሎ ይቆላል እንጂ እንደዚያ አያብብም። የፈንዲሻ ሆኖም ከሰነፈ ከልክ በላይ ደርቋል። የሚያፈነዳው በፍሬው ውስጥ ያለው ትንሽ ውሃ ነው። ክዳን ባለው ዕቃ ውስጥ አንድ ማንኪያ ውሃ ጨምራችሁ ነቅንቁት፣ ለሁለት ሦስት ቀን አቆዩትና እንደገና ሞክሩ።

ሲሰካ የሚሰባበረው ትኩስ ስለሆነ ነው። ክፍት አድርጋችሁ አሳድሩት። ትንሽ ይለሰልሳል፣ መርፌም ይቀበላል። ለጌጥ የሚሆነው ያለ ዘይትና ያለ ጨው ይፈንዳ፤ ዘይት ወረቀቱን ያበላሻል። ሰንሰለቱ አላድግ ካለ ደግሞ ምክንያቱን ሁላችንም እናውቀዋለን። ሁለት ሳህን አድርጉት፤ አንዱ የሚበላ፣ አንዱ የሚሰካ።

የተቆረጠው ወረቀት ሲዘረጋ ተለያየ

የታጠፈው ጠርዝ ከዳር እስከ ዳር ተቆርጧል። ወረቀቱን አያይዞ የሚያቆየው እጥፉ ነው። ከመቁረጣችሁ በፊት እጥፉን በእርሳስ አቅልሙና «እዚህ መቀስ አይገባም» በሉት። በመካከሉ ትንሽ ትንሽ መንከስ ይቻላል፤ በየንክሻው መሃል አንድ ጣት የሚያህል ይቅር።

ልጁ መቀሱን መጭመቅ ካቃተው እጥፉ በዝቷል ወይም ወረቀቱ ወፍሯል። በነገራችን ላይ ሁሉም የሚቆርጠው የበረዶ ቅርጽ ነው። ላሊበላ እዚሁ ወሎ ውስጥ እያለ የፈረንጅ በረዶ ምን አመጣው? ወረቀቱን በቁመቱ አንድ ጊዜ ብቻ እጠፉ፣ እጥፉ ላይ የመስቀል ግማሽ ሳሉ፣ ቁረጡ። ሲዘረጋ ሙሉ መስቀል ይወጣል። አንድ እጥፍ ብቻ ስለሆነ የአምስት ዓመት ልጅም ይችለዋል። ውስጡን መፈልፈል የሚፈልግ ትልቅ ልጅ ካለ ሰዓታት ይጨርስበታል። መስኮት ላይ ሲለጠፍ ደግሞ ብርሃኑ በቀዳዳው ይገባል።

የካርቶኑ በረት ተኮማተረ

ካርቶንን ከጎኑ ብታዩት በሁለት ወረቀት መካከል የተጣጠፈ ሌላ ወረቀት አለ። መስመሩ የሚሄድበት አቅጣጫ ጥንካሬው ነው። ግድግዳው ላይ መስመሩ ወደ ላይ ይቁም። ጣሪያው የሚታጠፈው ደግሞ በመስመሩ በኩል ነው፤ አግድም ከታጠፈ ይጨፈለቃል። ሙጫ በዝቶ ከረጠበም ይንበረከካል። ስለዚህ ማዕዘኑን በፕላስተር ያዙት፤ ሙጫው ለጣሪያው ሣር ብቻ ይሁን። ሰኞ ገበያ የሚወርድ ሰው ካለ ትንሽ ጭድ ያምጣላችሁ፤ ለግርግሙ እሱ ነው የሚያምርበት።

ዛፉ ወደቀ፣ ወይም ቅጠሉ ረገፈ

ለሁለቱም አንድ መድኃኒት አለው፤ እርጥብ አሸዋ። ባዶ የቀለም ቆርቆሮ በአሸዋ ሙሉና ውሃ አጠጡት፤ ይከብዳል፣ ቅርንጫፉንም ያጠጣዋል። ከመትከላችሁ በፊት ከሥሩ ሁለት ሳንቲሜትር ቁረጡለት፤ የደረቀው ጫፍ ውሃ አይስብም። ሙሉ ጥድ መቁረጥ ግን አልስማማበትም። ከአጥር የተከረከመ የፈረንጅ ጥድ ወይም የባሕር ዛፍ ቅርንጫፍ ይበቃል። ባሕር ዛፍ ሽታውም ጥሩ ነው፤ ዘይት ስላለው ግን ከእሳት ይራቅ።

ከእሳት ስንል፦ ዛፍ ላይ ጥጥ ካለ በአጠገቡ ሻማ አይለኮስም። መብራት ሲጠፋ ሻማው መጀመሪያ የሚቀመጠው ጌጡ ያለበት ጠረጴዛ ላይ ነው፤ እዚያ ላይ ነው መጠንቀቅ።

ቆርኪ ሲበሳ እጅ ተቆረጠ

ልጅ ምስማር ይዞ መዶሻ አይመታም። ትልቅ ሰው እንጨት ላይ አድርጎ ከውስጥ ወደ ውጭ ይብሳው፤ ሹል የወጣውን በመዶሻ ይተኛ። ልጁ ይቀባል፣ በክር ይሰካል። አለቀ።

ልጁ ጀምሮ ጥሎ ሄደ

ብዙ ጊዜ ሥራው ረዝሟል፤ ወይም እናትና አባት ቀምተውታል። ልጁ የሠራው ኮከብ ጠማማ ነው፣ እኛ እናስተካክላለን፣ በሦስተኛው ኮከብ እሱ ኳስ ፍለጋ ወጥቷል። ጠማማውን ስቀሉት። «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» ይባል የለ? ለትንሹ በአንድ ቁጭታ የሚያልቅ ነገር ስጡት። በመቀስ የሚጣሉ ከሆነ መቀስ ከመጨመር ሥራውን መክፈል ይቀላል፦ አንዱ ይቆርጣል፣ አንዱ ይቀባል፣ አንዱ ያጣብቃል። በማግስቱ ይቀያየራሉ።

ወሎ ነውና የጎረቤት ሙስሊም ልጆችም ይመጣሉ። ሰንሰለቱና ፈንዲሻው ላይ አብረው ይሰለፉ፤ መስቀልና ግርግም ላይ ግን አስቀድማችሁ እናታቸውን ጠይቁ። ሰንሰለቱን ከበዓሉ በኋላ ክዳን ባለው ዕቃ አስቀምጡት፤ የዱቄት ሙጫ አይጥና በረሮ ይጠራል። ደህና ከቆየ ለኢድም ይሰቀላል።

የእንቁላል ቅርፊት ከየት ይምጣ?

ከኅዳር 15 ጀምሮ በሚጾም ቤት እንቁላል የለም። ስለዚህ «ባዶ እንቁላል ቀለም ቀቡ» የሚለውን ምክር ለጊዜው እለፉት። የዶሮ ወጡ እንቁላል ሲላጥ ግን ቅርፊቱን አትጣሉ። እጠቡት፣ ውስጡ ያለውን ስስ ሽፋን ላጡ፣ አድርቁት። ልጆቹ በጣታቸው ሰባብረው ካርቶን ላይ በተሳለ ኮከብ ውስጥ በኮላ ይደርድሩት። የበዓሉ ዕለት ከምሳ በኋላ ትልልቆቹ ቡና ሲጠጡ እነሱን የሚያስቀምጥ ሥራ ነው። ቀለም መቀባቱ ከደረቀ በኋላ በማግስቱ ይሁን፤ እርጥብ ኮላ ላይ ከተቀባ ቅርፊቱ ይንሸራተታል።