የዝውውር ማመልከቻ ከማስገባታችሁ በፊት

ባል መተማ፣ ሚስት ደሴ፣ ልጅ አያቱ ጋ። በመንግሥት ሠራተኛ ቤት ይሄ የተለመደ ነው። በአንድ ወረዳ የሰው ሀብት ክፍል ስሠራ እንዲህ ዓይነት ማመልከቻ ክረምት በመጣ ቁጥር ጠረጴዛዬ ላይ ይከመር ነበር። አንጀቴን የሚበላኝ ግን እውነተኛ ችግር ይዞ የመጣ ሰው አንዲት ወረቀት ጎድላው ወይም ቀኑ አልፎበት ባዶ እጁን ሲመለስ ነው።

መጀመሪያ የትኛው ሕግ እንደሚመለከታችሁ እወቁ። የፌዴራል ሠራተኛ ከሆናችሁ ለዓመታት የቆየው አዋጅ ቁጥር 1064/2010 ነበር፤ በ2017 በአዋጅ ቁጥር 1353 ተተክቷል፣ ስለዚህ ከጓደኛ ስልክ የተላከላችሁን አሮጌ ፒዲኤፍ አትመኑ። የክልል ሠራተኛ በክልሉ አዋጅና መመሪያ ነው የሚዳኘው። መምህራንና የጤና ባለሙያዎች ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ለብቻው የወጣ የዝውውር መመሪያ አላቸው። መመሪያውን ጠይቃችሁ ኮፒ አድርጉና መስፈርቱን ቁጭ ብላችሁ አንብቡ።

ከዚያ ወረቀት። በሽማግሌ ወይም በቤተ ክርስቲያን ተጋብተው ወሳኝ ኩነት ያላስመዘገቡ ብዙ ናቸው። አሥር ዓመት አብራችሁ ብትኖሩም የጋብቻ ምስክር ወረቀት ከሌላችሁ ማመልከቻውን የሚያየው የዝውውር ኮሚቴ እንዳላገባችሁ አድርጎ ነው የሚያያችሁ። ዛሬውኑ አስመዝግቡ፤ የዝውውር ማስታወቂያ እስኪወጣ አትጠብቁ። የልጅ ልደት ምስክር ወረቀትና የትዳር አጋራችሁ የት፣ ከመቼ ጀምሮ እንደሚሠራ የሚገልጽ ከመሥሪያ ቤቱ የተጻፈ ደብዳቤም ያዙ። ምክንያታችሁ ጤና ከሆነ የሐኪም ማዘዣ አይበቃም፣ ብዙ ቦታ የሚጠየቀው የሕክምና ቦርድ ማስረጃ ነው፤ እሱ ደግሞ ቀጠሮው ስለሚረዝም አስቀድማችሁ ጀምሩት።

ማመልከቻው አጭር ይሁን። «ከፍተኛ ማኅበራዊ ችግር ስላለብኝ» የሚል ዓረፍተ ነገር በየማመልከቻው ስላለ ማንም አያነበውም። እንዲህ ጻፉ፦ «ባለቤቴ ከ2014 ዓ.ም. ጀምሮ በደሴ ከተማ ነርስ ናት። የሦስት ዓመት ልጃችንን ብቻዋን እያሳደገች የማታ ተረኛ ትገባለች። ማስረጃ 4 ገጽ አያይዣለሁ።» ሰው ይሄን ሲያነብ ቤታችሁ ይታየዋል። መዝገብ ቤት አስገቡና በራሳችሁ ቅጂ ላይ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስደርጉ። ለኃላፊው በእጅ የሰጣችሁት ደብዳቤ ቢጠፋ መከራከሪያ የላችሁም።

አሁን ደግሞ የሌላውን ወገን እንይ። ገጠር ያለ ትምህርት ቤት ብቸኛው የፊዚክስ መምህር ሲሄድ ልጆቹ ዓመቱን ሙሉ ያለ አስተማሪ ሊቀመጡ ይችላሉ። ኃላፊው «አልለቅም» የሚለው ሁልጊዜ ከክፋት አይደለም። ስለዚህ የእናንተን ቦታ ማን እንደሚይዝ አስባችሁ ሂዱ። የእርስ በርስ ቅያሬ እዚህ ላይ ነው የሚጠቅመው፤ በትምህርት ዓይነትም በደረጃም የሚመሳሰላችሁና ወደ እናንተ አካባቢ መምጣት የሚፈልግ ሰው ካገኛችሁ ሁለቱም መሥሪያ ቤቶች የሚጎድልባቸው የለም። መምህራን በቴሌግራም እየተፈላለጉ ይቀያየራሉ። ብር ካልሰጣችሁኝ የሚል «አገናኝ» ከመጣ ግን ሽሹ፤ ገንዘባችሁን በልቶ ይጠፋል፣ ዝውውሩም ሕገወጥ ይሆንባችኋል። ቅያሬ ካልተገኘ ፈተና አልቆ ሰኔ ላይ ልልቀቅ በሉ።

ኃላፊ ለሆናችሁ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ደብዳቤ ከመፈረማችሁ በፊት ሰውየውን ጠርታችሁ ጠይቁት። አራስ ናት? የታመመ ወላጅ ይጠብቃል? አንድ ጥያቄ ስንቱን ቤት ያድናል። «ሁለት ዓመት ሥራና እንመልስሃለን» ካላችሁም በጽሑፍ ስጡት፤ እናንተ ከወንበሩ ስትነሱ ቃሉ አብሮ ይሄዳል።

ሳትፈልጉ ከተዛወራችሁ በንዴት ሥራ ጥላችሁ እንዳትቀሩ። ከቀራችሁ ጉዳዩ ከዝውውር ወደ ዲሲፕሊን ይዞርና እውነታችሁን ይዛችሁ ትሸነፋላችሁ። ቅሬታችሁን ለቅሬታ ሰሚው በጽሑፍ አቅርቡ፣ ካልሆነ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ አለ። ጊዜ ገደቡ አጭር ስለሆነ ደብዳቤው የደረሳችሁን ቀን መዝግቡ።

ከተፈቀደላችሁ ደግሞ ንብረት አስረክባችሁ ክሊራንስ ውሰዱ፣ የግል ማኅደራችሁ መላኩንም ራሳችሁ ተከታተሉ። ማኅደሩ በመንገድ ቀርቶ ደመወዙ ወራት የቆመበት ሰው አውቃለሁ። ቢያንስ የሁለት ወር አስቤዛና የቤት ኪራይ ሳትይዙ አትነሱ።