ጣሳው አፍ ላይ የምታንዣብበው ንብ አይደለችም፦ ስለ ተርብ ለአዲስ ገቢዎች

አውሮፓ ወይም ሰሜን አሜሪካ ገና የገባችሁ ከሆነ፣ ኦገስት ላይ ውጭ ተቀምጣችሁ ለስላሳ ስትጠጡ ቢጫና ጥቁር በራሪ መጥታ ጣሳው አፍ ላይ ታርፋለች። ብዙ ሰው ንብ ትመስለዋለች። ተርብ ናት፤ መለየቱ ደግሞ ይጠቅማል።

ንብ ፀጉራም ናት፣ ቀለሟም ወደ ቡናማ ያደላል። ተርብ ግን ገላዋ ልሙጥና የሚያብረቀርቅ፣ ቢጫዋ የደመቀ፣ ወገቧ ክር የሚያህል ነው። ስታርፍ ክንፎቿን በቁመት ስለምታጥፋቸው ቀጫጭን ሆነው ይታያሉ። የተለመደችው ሠራተኛ ተርብ ከ12 እስከ 17 ሚሊ ሜትር ትረዝማለች። ስትበር ረጃጅም እግሮቿን የምታንጠለጥለው ሌላ ዓይነት ናት፤ ጣሪያ ጠርዝ ሥር የተገለበጠ ጃንጥላ የመሰለ ክፍት ጎጆ ትሠራለች፣ ካልነኳትም ረጋ ያለች ናት። እንደ ተርብ የተሸለመች፣ ግን ዓይኗ ትልልቅ የሆነና አየር ላይ አንድ ቦታ ቀጥ ብላ የምትቆም ካያችሁ ዝንብ ናት፤ አትናደፍም፣ ተዉአት።

ንብ ስትነድፍ መንደፊያዋ ቆዳ ውስጥ ተሰክቶ ይቀራል፤ መርዝ ማፍሰሱን ስለሚቀጥል በጥፍርም ቢሆን በሰከንዶች ውስጥ አውጡት። የተርብ ግን ተመልሶ ስለሚወጣ ደጋግማ ትነድፋለች። የሚወጣ ነገር ስትፈልጉ ጊዜ አታጥፉ፤ ከቦታው ራቁ።

ሳመር መጨረሻ ላይ ለምን ይብሳሉ? ሠራተኞቹ እጮቻቸውን በታደነ ነፍሳት ይመግባሉ፣ እጮቹም በምላሹ ጣፋጭ ፈሳሽ ይሰጧቸዋል። ወቅቱ ሲገፋ እጮቹ ያልቃሉ፤ በዚያን ጊዜ ጎጆው ውስጥ ያሉት ሺዎች ስኳር ፍለጋ ወደ ሰው ማዕድ ይወጣሉ። እዚያ የመጣችው ተርብ ጠብ አትፈልግም። ብትመቷት ግን ትነድፋለች፤ ከተጨፈለቀች የሚወጣው ሽታ ደግሞ፣ ጎጆ ቅርብ ከሆነ፣ ሌሎቹን ይጠራል። እጃችሁን ሳታወናጭፉ ቀስ ብላችሁ ዞር በሉ። ጣሳ ውስጥ ገብታ ስለማትታይ መጠጡን ግልጽ ብርጭቆ ላይ ቀድታችሁ ክደኑት። የልጆችን አፍና እጅ ጥረጉ፣ የቆሻሻ መጣያውን ክዳን ግጠሙ።

ጎጆ ሌላ ጉዳይ ነው፤ እዚያ ጠባቂዎች አሉ። ከተላመጠ እንጨት የተሠራ ግራጫ ወረቀት ይመስላል፤ ኮርኒስ ላይ፣ ግድግዳ ውስጥ ወይም መሬት ሥር ባለ የአይጥ ጉድጓድ ይሆናል። ተርቦች ከአንድ ቀዳዳ ሳያቋርጡ ሲወጡና ሲገቡ ካያችሁ፣ ቢያንስ 6 ሜትር ራቁ። የሣር ማጨጃ ማሽን ንዝረት ያስቆጣቸዋልና በዚያ አቅጣጫ አትጨዱ። ሰው በብዛት የሚሳሳተው ቀዳዳውን በመድፈን ነው፦ መውጫ ሲያጡ የውስጡን ግድግዳ ቦርቡረው ክፍላችሁ ውስጥ ይገባሉ። ቤንዚን ማፍሰስም እሳትና የአፈር ብክለት ያመጣል። ተከራይ ከሆናችሁ ለአከራዩ በጽሑፍ፣ ከፎቶ ጋር አሳውቁ፤ ማስወገዱ የተባይ አጥፊ ባለሙያ ሥራ ነው። ጎጆው የማያስቸግር ቦታ ላይ ከሆነ ውርጭ እስኪመጣ መታገሥ ይቻላል፤ ሠራተኞቹ ሁሉ ይሞታሉ፣ ባዶውንም ጎጆ በሚቀጥለው ዓመት አይመለሱበትም።

ከተነደፋችሁ ቦታውን በሳሙናና ውሃ ታጠቡ፣ በጨርቅ የተጠቀለለ በረዶ ለ10 ደቂቃ ያህል ያዙበት። እጅ ከተነደፈ ሳያብጥ ቀለበት አውልቁ። ማሳከኩን የአለርጂ ኪኒን ያስታግሳል። እብጠቱ በሁለተኛው ቀን ሊጨምር ይችላል፤ ይህ ብቻውን አያስደነግጥም።

የሚያስደነግጠው ከተነደፈው ቦታ ርቆ የሚታየው ነው፦ መላ አካል ላይ የሚወጣ ሽፍታ፣ የከንፈር ወይም የምላስ እብጠት፣ የትንፋሽ ማጠር፣ ማዞር፣ ማስመለስ። ወዲያው ደውሉ፤ በአውሮፓ ኅብረት 112፣ በአሜሪካና ካናዳ 911 ነው። የኢፒኔፍሪን መርፌ (ለከባድ አለርጂ ሐኪም የሚያዘው አስቸኳይ መድኃኒት) ካለ የጭኑ ውጫዊ ጎን ላይ ውጉት፣ ልብስ ማውለቅ አያስፈልግም። ሰውየውን አስተኙት፤ መተንፈስ ከከበደው ግን ተቀምጦ ይቆይ፣ ተነሥቶ እንዳይራመድ። አፍ ወይም ጉሮሮ ውስጥ የተነደፈ ሰውም ምልክት ሳይጠብቅ እርዳታ ይጥራ። እንዲህ ያለ ከባድ አለርጂ የደረሰበት ሰው ከዳነ በኋላ ሐኪሙን ወደ አለርጂ ስፔሻሊስት እንዲልከው ይጠይቅ፤ ሰውነትን ቀስ በቀስ ከመርዙ ጋር የሚያላምድ የመርፌ ሕክምና አለ።