ጁጎልን በእግር ስትጎበኙ እነዚህን ስህተቶች አትሥሩ

ሐረር ልሄድ ነው የሚል ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀኝ ስለ ጅብ ማብላቱ ነው። ጅቡ ማታ ይደረስበታል። ከዚያ በፊት ግን በግንቡ ውስጥ ያለችው ከተማ፣ ጁጎል፣ ቀን በእግር መታየት አለባት። ስፋቷ 48 ሄክታር ብቻ ነው። በዚህች ጠባብ ቦታ ላይ 82 መስጊዶች አሉ፤ ሦስቱ ከ10ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ የነበሩ ናቸው። የአውሊያ (የእስልምና ቅዱሳን) መቃብርና የመዘየሪያ ቦታ ደግሞ 102 ተቆጥሯል። ዩኔስኮ በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት መዝግቧታል። ታዲያ ሰው ሁለት ሰዓት ዞሮ «ግንብ ነው፣ ሌላ ምንም የለውም» ብሎ ሲመለስ ስሰማ ያንገበግበኛል። ችግሩ ያለው አጎበኛኘቱ ላይ ነው።

«ቋንቋው አይቸግረኝም፣ አስጎብኚ ምን ያደርግልኛል?»

ይህን የሚሉት በተለይ ከአዲስ አበባ የሚሄዱ ናቸው። ከአሜሪካና ከአውሮፓ ለእረፍት የመጡ ወገኖችም እንዲሁ ይላሉ። እውነት ነው፣ ሐረር ውስጥ በአማርኛ መግባባት ቀላል ነው። ሰዉም ተጫዋች ነው፤ «አቦ» እያለ መንገድ ያሳያችኋል። ነገር ግን የጁጎል ቤቶች ፊታቸውን ለመንገድ አይሰጡም። ከመንገድ የሚታየው ቀለም የተቀባ ግንብና አንድ በር ነው። ከበሩ ጀርባ ግቢ አለ፣ በግቢው ውስጥ ደግሞ ሁለት ሦስት ቤት። ያንን በር አንኳኩቶ «እንግዳ ይዤ መጥቻለሁ» የሚልላችሁ ሰው ከሌለ ቀኑን ሙሉ ግድግዳ ስታዩ ትውላላችሁ። የአስጎብኚው ትልቁ ሥራ ይህ ነው። ዓመተ ምሕረትማ ከስልክም ይገኛል።

ስትይዙት መታወቂያውን ጠይቁ። መናኸሪያ ላይ የሚከተላችሁን ልጅ ከመያዝ ያረፋችሁበትን ቤት ሰዎች ብትጠይቁ ይሻላል። ዋጋውን ደግሞ ከመነሳታችሁ በፊት ጨርሱ። ለስንት ሰዓት ነው? የሙዚየም መግቢያ አብሮ ነው? ለምትገቡበት ቤት እማወራ የሚሰጠውስ? ማታ ጅብ ጋ መሄዱ ለብቻው ይከፈልበታል? አንዳንድ ሰው ይህን መጠየቅ ይሉኝታ ይይዘዋል። መጨረሻ ላይ መንገድ ዳር ቆሞ መጨቃጨቅ ግን ለሁለታችሁም ይብሳል።

በመኪና ፈረስ መጋላ ድረስ መግባት

በ16ኛው ክፍለ ዘመን በአሚር ኑር ዘመን የተሠራው ግንብ አምስት በሮች አሉት፦ ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በር እና ፈላና በር። ስድስተኛው፣ ሐረር በር የሚባለው፣ በኋላ የተከፈተ ነው። መኪና የሚገባው በእሱ ነው። ብዙ ሰው በባጃጅ በዚያ ገብቶ መሃል አደባባዩ፣ ፈረስ መጋላ ላይ ይወርዳል፤ ጉብኝቱንም ከመሃል ይጀምራል። ዙሪያውን ሲያይ ሱቅና ግርግር ነው። ከተማዋ የት ጀምራ የት እንደምታበቃ ሳይገባው ይመለሳል።

በአንዱ በር በእግር ገብታችሁ በሌላው ውጡ። እኔ ከኤረር በር መጀመርን እመርጣለሁ። ጠዋት ከገጠር የሚመጡ የኦሮሞ ሴቶች የማገዶ እንጨትና አትክልት ይዘው የሚገቡት በዚያ በኩል ነው። እንግሊዛዊው አሳሽ ሪቻርድ በርተንም በ1847 ዓ.ም. ወደ ከተማዋ የገባው በዚሁ በር እንደሆነ ይነገራል። ከዚያ ሽቅብ ስትወጡ መንገዱ እየጠበበ ይሄዳል። መገራ ወገር ኡጋ የሚባለውን ቀጭን መተላለፊያ አስጎብኚያችሁ ሳያሳያችሁ አይቀርም። የተኳረፉ ሰዎች እዚያ ውስጥ ፊት ለፊት ከተገናኙ ሳይነካኩ ማለፍ ስለማይችሉ ይታረቃሉ ይባላል። ጊዲር መጋላ የሚባለውን ገበያ አይታችሁ ወደ ፈረስ መጋላ ስትወጡ ደግሞ «መኪና ግርግር» የሚባለው የልብስ ሰፊዎቹ መንገድ አለላችሁ። የሲንጀር ስፌት መኪናው ግራና ቀኝ ተደርድሮ ሲንጣጣ ከሩቅ ይሰማል።

የጫማ ነገርም እዚህ ላይ ይነሳ። መንገዱ ድንጋይ ነው፣ ቁልቁለትና ዳገት አለው፣ ዝናብ ከጣለ ያንሸራትታል። ሸራ ጫማ ይበቃል። በቀላሉ የሚወልቅ ይሁን፤ ምክንያቱን ወደ በኋላ ታዩታላችሁ።

ሰዓቱን አለማወቅ

ድሬዳዋ 55 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ስለምትርቅ «ምሳ ድሬ በልተን ደርሰን እንመለስ» የሚል ዕቅድ ይበዛል። አይሆንም። ከምሳ በኋላ የበርጫ፣ ማለትም የጫት ሰዓት ነው፤ ሱቁም መንገዱም ቀዝቀዝ ይላል። በሰዎች ቤት ለመግባትም አይመችም። ጠዋት 2 ሰዓት ጀምሩ፣ እስከ 6 ሰዓት ትጨርሳላችሁ። አዳራችሁንም እዚያው አድርጉ።

አርብ ከሆነ ከጁምዓ ሶላት በፊት ዋናውን ነገር አይታችሁ ጨርሱ። በረመዳን ቀን ላይ መንገድ ለመንገድ እየበሉና እየጠጡ መሄድ ነውር ነው፤ ውሃም ቢሆን ገለል ብላችሁ ጠጡ። ረመዳን ካለፈ በኋላ የሚከበረው ሸዋል ዒድ ግን ለመሄድ የሚያጓጓ ጊዜ ነው። በ2016 ዓ.ም. ዩኔስኮ በማይዳሰስ ቅርስነት የመዘገበው በዓል ነው። ማደሪያ ስለሚሞላ ቀድማችሁ ያዙ።

የሐረሪ ቤት ገብቶ በአምስት ደቂቃ መውጣት

እንደኔ እንደኔ ትልቁ ስህተት ይህ ነው። ሰው ይገባል፣ «ዋው» ይላል፣ ሰልፊ ያነሳል፣ ይወጣል። ጫማውን ሳያወልቅ የሚገባም አይጠፋም።

ባህላዊው ቤት ጌይ ጋር ይባላል። በሩን አልፋችሁ ስትገቡ ከፊታችሁ እንደ ደረጃ ከፍና ዝቅ ያሉ፣ ምንጣፍ የለበሱ መደቦች ታያላችሁ። ነደባ ይባላሉ። አምስት ናቸው፤ ማን የት እንደሚቀመጥም የታወቀ ነው። አሚር ነደባ የአባወራው ነው፤ እዚያ የተቀመጠ ሰው በበሩ የሚገባውን ሁሉ ያያል። ጊዲር ነደባ ሰፊው ነው፤ ብዙ ሰው የሚሰበሰብበት። ሱትሪ ነደባ ደግሞ ከበሩ የማይታይ ሸሸግ ያለ ቦታ ነው። ከዋናው ክፍል ጎን ኪርታት የምትባል ትንሽ ክፍል አለች። ድሮ ሙሽሮች ሳምንት ሙሉ እዚያ ይቆዩ ነበር፤ ምግባቸው በጠባብ መስኮት ይቀርብላቸው ነበር። ስለዚህ ዘላችሁ ደስ ባላችሁ ቦታ ቁጭ አትበሉ። «የት ልቀመጥ?» ብላችሁ ጠይቁ። ይህች አንዲት ጥያቄ ብቻዋን የቤቱን ሥርዓት ታስከፍትላችኋለች፤ እማወራዋ እየሳቁ አንድ በአንድ ያስረዷችኋል።

ወለሉና የመደቡ ጠርዝ በቀይ አፈር የተለቀለቀ ነው። አፄ ምኒልክ ሐረርን በያዙበት በጨለንቆ ጦርነት የፈሰሰው ደም መታሰቢያ ነው የሚሉ አሉ። ከበሩ በላይ ተጠቅልሎ የተቀመጠ ምንጣፍ ካያችሁ ቤቱ ለአቅመ ሔዋን የደረሰች ልጅ እንዳለችው ምልክት ነው ይሏችኋል።

ከዚያ ወደ ግድግዳው ቀና በሉ። ከላይ እስከ ታች ስፌት ነው፣ ሳህን ነው፣ የእንጨት ገበታ ነው። ብዙ ሰው ለቱሪስት የተሰቀለ ጌጥ ይመስለዋል። አንዱን በእጃችሁ ሳትነኩ አሳዩና «ይህን ማን ሰፋው?» በሉ። የእናት ይሆናል፣ የአያት ይሆናል፣ ለሠርግ የመጣ ይሆናል። አንድ ትልቅ ስፌት ወራት የሚፈጅ ሥራ ነው። ይህን ካያችሁ በኋላ መንገድ ላይ ስፌት ስትገዙ ዋጋ የምትከራከሩበት መንገድ ራሱ ይለወጣል። በነገራችን ላይ መግዛት ከፈለጋችሁ ከጉብኝቱ መጨረሻ ላይ ግዙ። መጀመሪያ ላይ ያጋጠማችሁን የገዛችሁ እንደሆነ ጥሩውን ከክፉው ሳትለዩ ትሸከማላችሁ።

ስትወጡ ለእማወራዋ የሚገባቸውን ስጡ። አስጎብኚው ይሰጥልኛል ብላችሁ አትተዉት። በእጃችሁ ስጡ፣ አመስግኑ።

ራምቦ ቤትን የጉብኝቱ ዋና ነገር ማድረግ

ፈረንሳዊው ባለቅኔ አርተር ራምቦ በ1873 ዓ.ም. ሐረር መጥቶ የቡናና የቆዳ ንግድ ሠርቷል። ሄድ መጣ እያለ ታሞ እስከተመለሰበት ድረስ ከተማዋን አልተዋትም፤ በ1884 ዓ.ም. ማርሴይ ውስጥ ሞተ። ራምቦ ቤት የሚባለው ውብ የእንጨት ሕንፃ ግን አንድ የህንድ ነጋዴ ያሠራው ነው። ራምቦ እዚያ መኖሩ ማስረጃ የለውም። «የተኛበት አልጋ የታለ?» እያላችሁ አትድከሙ። ለድሮዎቹ የሐረር ፎቶዎችና ለእንጨት ሥራው ስትሉ ግቡ፤ ለእነሱ ሲባል መግባቱ ያዋጣል።

የሚያሳዝነው ራምቦ ቤት ላይ ሰዓቱን ጨርሶ አጠገቡ ያለውን ራስ ተፈሪ ቤትን የሚዘለው ሰው ብዛት ነው። እዚያ ያለው የሸሪፍ ሙዚየም አብዱላሂ አሊ ሸሪፍ የዕድሜ ልክ ልፋታቸውን ያኖሩበት ነው። በእጅ የተጻፉ ቁርዓኖች፣ የሐረር አሚሮች ያስመቱት ገንዘብ፣ ጌጣጌጥ፣ የድሮ የዘፈን ቅጂ ሁሉ አለ። ሐረር ከተማ ብቻ ሳትሆን የራሷ ገንዘብ የነበራት አሚሬት እንደነበረች በዓይን የሚታየው እዚህ ነው። አንድ ሰዓት ስጡት።

ከአስጎብኚው ጋር በታሪክ መሟገት

ይህ የእኛ የኢትዮጵያውያን ጠባይ ነው፤ ፈረንጅ አያደርገውም። ፈረስ መጋላ ላይ የመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን አለ። መስጊድ በነበረበት ቦታ የተሠራ ነው። እዚያ ስትቆሙ ስለ 1879ኙ የጨለንቆ ጦርነት፣ ስለ አሚር አብዱላሂ ሽንፈት፣ ስለ አፄ ምኒልክ አገባብና ስለ ራስ መኮንን አስተዳደር ይነሳል። ከዚያ በፊት ግብፆች ለአሥር ዓመት ያህል መያዛቸውም ይነሳል። ትምህርት ቤት የሰማነውና የከተማዋ ሰው ከአያቱ የሰማው አይገጥምም። «እንዲህ አይደለም» ብሎ አፉን ማስያዝ ምን ይጠቅማል? አስጎብኚው ቀስ እያለ ዝም ይላል፤ ከዚያ በኋላ የሚነግራችሁ የግንቡን ዕድሜ ብቻ ነው። ሐረር ድረስ የመጣችሁት እሱ የሚያውቀውን ለመስማት ከሆነ አስጨርሱት። «አያቶችህ እንዴት ነበር የሚያወሩት?» ብላችሁ ጠይቁት፣ ብዙ ታተርፋላችሁ።

ካሜራ ከሰላምታ ሲቀድም

የጊዲር መጋላ ሴቶች በደማቅ ልብሳቸው ለፎቶ ያጓጓሉ፣ ይገባኛል። ግን ሥራ ላይ ናቸው። «አሰላሙ አለይኩም» በሉ፣ ከሚሸጡት ነገር ትንሽ ግዙ፣ ከዚያ ጠይቁ። እምቢ ካሉ እምቢ ነው፤ ከሩቅ ዙም አድርጎ መስረቅ የለም። የሴቶች ትከሻና ጉልበት፣ የወንዶችም ቁምጣ በመንገዱም ሆነ በአውሊያዎቹ መዘየሪያ አይመከርም። እነ አው አባድርና የአሚር ኑር መቃብር ጋ ስትደርሱ የቦታው ጠባቂ ካልፈቀዱ አትግቡ። ለሴት ሻርፕ መያዝ ጥሩ ነው።

ስለ ጅቡም ይባል

ማታ ለምታዩት ትርዒት ቀን በእግራችሁ ስትዞሩ መዘጋጀት ትችላላችሁ። አስጎብኚውን ግንቡ ሥር ዝቅ ብለው የተተዉትን ቀዳዳዎች አሳየን በሉት። ዋራባ ኑዱል ይባላሉ፤ ጅቦች ሌሊት ገብተው የተጣለውን ጠራርገው በልተው የሚወጡባቸው ናቸው። በዓሹራ ቀን ደግሞ በቅቤ የራሰ ገንፎ ይቀርብላቸዋል፤ ደህና አድርገው ከበሉ ዓመቱ ጥሩ ይሆናል ተብሎ ይታመናል። ይህን ሰምቶ የሄደ ሰው ማታ ጅብ ሲመጣ የሚያየው ነገር ለየት ይላል። እዚያ ስትደርሱ አትጩኹ፣ አትሩጡ፣ ፍላሽ አጥፉ፣ ሕፃን ልጅ ይዛችሁ ወደ ፊት አትቅረቡ። በአፍ ሥጋ ማብላት ግዴታ አይደለም፤ ካልፈለጋችሁ ቁጭ ብላችሁ ማየት ትችላላችሁ።

በማግስቱ ወዲያው መሳፈር

አስጎብኚውን ሸኝታችሁ ከሆነ በማግስቱ ጠዋት ለብቻችሁ ተመልሳችሁ ግቡ። ፈቲራ በሻይ ብሉ፣ የሐረር ቡናችሁን እዚያው አስቆልታችሁ ያዙ። መጥፋት ያስፈራል ብላችሁ አትቅሩ፤ ወዴት ብትሄዱ ዞሮ ዞሮ ግንቡ ጋ ነው የምትደርሱት። ያረፋችሁበት አካባቢ የትኛው በር እንደሚቀርበው ብቻ ያዙ። «ሸዋ በር በየት ነው?» ካላችሁ መንገድ ላይ ያገኛችሁት ልጅ ሁሉ ያሳያችኋል።