በጋቢ ብርሃን መሥራት፦ እንደ ሱብራታ ሚትራ ፊት እንዴት ይቀረጻል

ህንዳዊው የፊልም ካሜራ ባለሙያ ሱብራታ ሚትራ የመጀመሪያ ፊልሙን መቅረጽ ሲጀምር ገና የ21 ዓመት ወጣት ነበር። ፎቶ ያነሳል እንጂ በፊልም ካሜራ ሠርቶ አያውቅም። ትምህርቱ ማየት ነበር። ፈረንሳዊው ዣን ሬኗር ካልካታ አካባቢ ፊልም ሲሠራ ቀረጻው ቦታ እየሄደ መብራቱ የት እንደቆመ በማስታወሻው ላይ ይስል ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1956 ከዳይሬክተሩ ሳትያጂት ራይ ጋር «አፓራጂቶ» የተባለውን ፊልም ሲቀርጹ አንድ ችግር ገጠማቸው። ታሪኩ የሚካሄደው ቤናሬስ በምትባል የህንድ ከተማ፣ አንድ ቤት ግቢ ውስጥ ነው። ዝናብ ስለተፈራ ግን ግቢው ካልካታ ስቱዲዮ ውስጥ ተሠራ። እንዲህ ባለ ግቢ ብርሃን የሚወርደው ከሰማይ ነው፤ ለስላሳ ነው፣ ጥላው አይታይም ማለት ይቻላል። የስቱዲዮ መብራት በቀጥታ ቢበራ ግን ጥላው ግድግዳው ላይ ጥቁር ሆኖ ይወድቅና ውሸቱ ይነቃል። ሚትራ ከግቢው በላይ ነጭ ጨርቅ ወጠረ። መብራቶቹን ከታች ወደ ጨርቁ አዞረ። ጨርቁ ሰማይ ሆነ።

ይህን እናንተም ቤታችሁ በስልክ መሥራት ትችላላችሁ።

መጀመሪያ አምፖሉን ሁሉ አጥፉና ብርሃኑ ከየት እንደሚገባ እዩ። መስኮት ነው እንበል። የምትቀርጹትን ሰው መስኮቱ በጎኑ እንዲሆን አስቀምጡት። ግማሽ ፊቱ ይበራል፣ ግማሹ ይጨልማል።

አሁን ጋቢ አምጡ። ነጠላ ስስ ስለሆነ ብርሃኑን ያሳልፈዋል፤ ጋቢ ግን ይመልሰዋል። በጨለመው ጎን፣ አንድ ሜትር ያህል ርቆ፣ ወንበር ላይ ዘርጉት። ከዚያ ቀስ እያላችሁ ወደ ሰውየው አስጠጉት፤ ዓይናችሁ ጉንጩ ላይ ይሁን። መጀመሪያ የጉንጩ አጥንት ብቅ ይላል። ቀጥሎ በጨለመው በኩል ያለችው ዓይን ውስጥ ትንሽ ነጭ ነጥብ ትበራለች። እዚያ ላይ አቁሙ! ከዚህ በላይ ካስጠጋችሁት ሁለቱም ጎን እኩል ይሆንና የፓስፖርት ፎቶ ይመስላል።

ማታ ከሆነ አምፖሉን ወደ ሰውየው ሳይሆን ወደ ነጭ ግድግዳ ወይም ኮርኒስ አዙሩት። ግድግዳችሁ አረንጓዴ ወይም ሮዝ ከሆነ ቀለሙ ፊት ላይ ይጋባል፤ ነጭ አንሶላ ስቀሉበት። አምፖሉ ጨርቁን እንዳይነካ ግን አደራ፣ ያቃጥላል።

ስልኩ በራሱ ብርሃን እንዳይቀያይር ስክሪኑ ላይ የሚታየውን የሰውየውን ፊት በጣታችሁ ተጭናችሁ ቆልፉት። ከዚያ እዚያው ስልኩ ላይ ብርሃኑን ትንሽ ቀንሱ። ጠይም ሰው ስትቀርጹ ይህ በጣም አስፈላጊ ነው። ብዙዎች ፊቱ «እንዲታይ» ብለው ብርሃን ይጨምሩበትና ቆዳው አመድ ይመስላል። ጠይም ፊት የሚያምረው ሰፊና ለስላሳ ብርሃን ግንባሩና ጉንጩ ላይ ሲያንጸባርቅ ነው። መልኩን አትቀይሩበት፤ ጋቢውን አስፉት እንጂ።

በመጨረሻ አሥር ሰከንድ ቅረጹና ከአፍንጫው ሥር ያለውን ጥላ እዩ። ጠርዙ በምላጭ እንደተቆረጠ ከሆነ ብርሃኑ አሁንም በቀጥታ እየመታው ነው። መስኮቱ ላይ ነጠላ ጋርዱና እንደገና ቅረጹ።