ከጥለት ቁራጭና ከዓሣ ቅርፊት የገና ጌጥ መሥራት

ታኅሣሥ ሲገባ የልብስ ሰፊ ቤት ወለል መልኩን ይቀይራል። ሐዋሳ ውስጥ የሐበሻ ልብስ እሰፋለሁ። ለገናና ለጥምቀት የሚታዘዘው ቀሚስ በእነዚህ ሳምንታት ስለሚደራረብ፣ ማታ ስጠርግ ከመኪናው ሥር የማወጣው የጥለት ቁራጭ ማዳበሪያ ይሞላል፤ ወርቃማው፣ አረንጓዴው፣ ቀዩ፣ ሁሉም ከጣት የማይረዝም። መጣል አልወድም። ልጆቼም ከትምህርት ቤት ሲመለሱ የሚውሉት ከእኔው ጋር ስለሆነ የዛፋችን ጌጥ የሚሠራው ከዚሁ ቁራጭና ከተማዋ በነጻ ከምትሰጠን ነገር ነው። ከገበያ የሚገዛው የሚያብረቀርቅ ኳስ ክፉ ነው አልልም። ነገር ግን ልጅ እሱን ሰቅሎ ሲጨርስ የቀረው ሥራ ማየት ብቻ ነው።

ጊዜውን አስቀድሜ ልንገራችሁ፤ ብዙ ቤት የሚበላሸው በዚህ ነውና። ገና ታኅሣሥ 29 ቀን ነው፤ በዘመነ ዮሐንስ ደግሞ 28 ቀን ይውላል። ከዚያ ላይ የማድረቂያውን ቀን ቀንሱ። እኔ ከገብርኤል በፊት ባለው ቅዳሜና እሑድ እንድትጀምሩ እመክራለሁ። ከታኅሣሥ 19 በኋላ እንግዳው፣ ጠላው፣ የበግ ገበያው ተከታትሎ ይመጣል፤ ያኔ ጠረጴዛ የሚለቅላችሁ ሰው አይገኝም።

ሥራ ስታካፍሉ ዕድሜ ተመልከቱ። የአራት ዓመት ልጅ ሊጥ ይጫናል፣ ቁልፍ በየቀለሙ ይለያል። ስድስት ሰባት የሞላው ጫፉ የደነዘዘ ወፍራም መርፌ ይዞ ትልልቅ ስፌት ይሰፋል። ከዘጠኝ ዓመት በላይ ላለው እውነተኛ መርፌ ስጡት፤ አንድ ጊዜ ይወጋዋል፣ ከዚያ በኋላ ይጠነቀቃል። መቀስና የጋለ ነገር የአዋቂ ድርሻ ነው። ኮላ ላይ ደግሞ ግትር ነኝ፦ ክር የሚችለውን ሥራ ለኮላ አልሰጥም። ኮላ ይለቃል፣ እጅ ያጨማልቃል፣ ልጁንም ቶሎ እንዲጨርስ ያጣድፈዋል። መርፌ ግን አረጋግቶ ያስቀምጠዋል።

በጨው ሊጥ ጀምሩ፤ እሱ ሲደርቅ ሌላውን ትሠራላችሁ። ሁለት ብርጭቆ የፉርኖ ዱቄት ከአንድ ብርጭቆ ደቃቅ ጨው ጋር ደባልቁ። ጨዉ ሸካራ ከሆነ መጀመሪያ ውቀጡት፤ አለዚያ ጌጡ ፊቱ ይቦረቦራል። ውኃ ከብርጭቆ ጎደል አድርጋችሁ ቅዱና በጥቂት በጥቂቱ ጨምሩ፤ ሁሉም ላያስፈልግ ይችላል። አሥር ደቂቃ ያህል እሹት። እጅ ላይ ከተጣበቀ ዱቄት ነስንሱበት፤ ከተሰነጠቀ እጃችሁን አርሳችሁ እንደገና እሹት። ቢጫ ለሚፈልግ ልጅ ዱቄቱ ላይ ግማሽ የሻይ ማንኪያ እርድ፣ ቡናማ ለሚፈልግ በውኃው ፈንታ የቀዘቀዘ ወፍራም ቡና ይሆናል። የእርዱ ቢጫ ፀሐይ በበዛበት ይደበዝዛል፤ ቢሆንም ያምራል። በቀይ ሥር ግን አትድከሙ፤ ሲደርቅ ወደ ቡናማ ይሄዳል።

ሊጡን በጠርሙስ ዳምጡት፤ ግማሽ ሴንቲ ሜትር ውፍረት ይበቃል። የብስኩት ቅርጽ ማውጫ የግድ አይደለም፤ የቡና ሲኒ አፍ ክብ ይቆርጣል፣ ያንኑ ሲኒ ወደ ጎን ፈቀቅ አድርጎ መልሶ መጫን ግማሽ ጨረቃ ያወጣል። እኔ የምወደው ማስዋቢያ ሰፌድ ነው። ንጹሕ ሰፌድ ገልብጡና ሊጡን ጀርባው ላይ በመዳፍ ጫን ጫን አድርጉት። ስታነሡት የስፌቱ ዙር ከመሐል ጀምሮ እስከ ዳር ተስሎ ይወጣል፤ ትንንሾቹ ይህን ሲያዩ ያለውን ሊጥ ሁሉ ካልጫንን ይላሉ። ለመስቀያው ባዶ የስክሪብቶ ቀፎ ከዳሩ አንድ ሴንቲ ሜትር ገባ ብሎ ይውጋው። ቀዳዳው ሲደርቅ ስለሚጠብ ቀፎውን ትንሽ አዙሩት። ጀርባው ላይ ደግሞ የልጁን ስምና ዓመተ ምሕረቱን በስንጥር ይጻፍ፤ ከደረቀ በኋላ አይቻልም።

የማድረቁን ነገር የሐዋሳ ታኅሣሥ ራሱ ይጨርሰዋል። ሰማዩ ጥርት ያለ ነው፣ ነፋስም አይጠፋም። ወንፊት ላይ ደርድራችሁ ፀሐይ ላይ አውጡ፤ ጠዋትና ከሰዓት ገልብጡት፤ ሲመሽ ወደ ቤት አስገቡ። እንደ ውፍረቱ ሦስት አራት ቀን ይፈልጋል። ምድጃ ያላችሁ 100 ዲግሪ ላይ ሁለት ሦስት ሰዓት አቆዩት፤ ከዚያ በላይ ካጋላችሁት ይነፋል። እንጀራ ተጋግሮ ያለቀበት ምጣድ ሙቀትም ይረዳል፤ ግን ከሥሩ ወፍራም ወረቀት ይነጠፍ፣ ምጣዱም ከማብሪያው ይጥፋ። ጨው የነካው ምጣድ እንጀራ ይይዛል ብላ ባለቤቴ ያለ ወረቀት አታስቀርበንም፤ በምጣድ ጉዳይ ደግሞ ከእሷ ጋር አልከራከርም። አንድ ማስጠንቀቂያ፦ ሊጡ ዳቦ ስለሚመስል ሕፃናት እንዳይቀምሱት፣ ውሻም እንዳያገኘው። በውስጡ ያለው ጨው ውሻን ሊገድል ይችላል።

አሁን ወደ ዓሣው። ሐይቁ ዳር ወዳለው የዓሣ ገበያ፣ አሞራ ገደል፣ ማለዳ ከሄዳችሁ፣ ሙሉውን ለሚጠበሰው ቆሮሶ ቅርፊቱን የሚፍቁ ሰዎች ታገኛላችሁ። አባ ኮዳዎቹ፣ እነዚያ ረጅም እግር ያላቸው ትልልቅ ወፎች፣ አጠገባቸው ቆመው ሆድ ዕቃውን ይጠብቃሉ፤ ቅርፊቱን ግን ከነሱም የሚፈልገው የለም። ላስቲክ ይዛችሁ በትሕትና ጠይቁ። አምባዛ እንዳታስመጡ፤ እሱ ቅርፊት የለውም።

የዓሣ ቅርፊት ሲባል ፊታቸውን የሚያጨማድዱ አሉ። ታጥቦ የደረቀውን ሳያዩ ነው። አንዱን አንሥታችሁ ብርሃን ላይ ያዙት፤ እንደ ሕፃን ጥፍር ስስ ነው፣ ብርሃኑም በውስጡ ያልፋል፣ ገጹ ላይ ከዳር ወደ መሐል የሚጠጉ ቀጫጭን መስመሮች አሉት። እጥበቱ ትዕግሥት ይጠይቃል። በቀዝቃዛ ውኃ፣ በጨውና በፈሳሽ ሳሙና እያሻችሁ ሽታው እስኪጠፋ ውኃውን ደጋግማችሁ ቀይሩ። ሙቅ ውኃ ክልክል ነው፤ ቅርፊቱን ያጣምመዋል። ቀለም ከፈለጋችሁ ጥቂት የምግብ ቀለም በውኃ በጥብጣችሁ አንድ ሌሊት ዘፍዝፉት። እኛ ግማሹን በራሱ መልክ እንተወዋለን።

ቁልፉ ነገር ይህ ነው፦ ቅርፊቱ እርጥብ እያለ በመርፌ ይበሳ። ሲደርቅ ይሰነጠቃል። ውኃው ጠፈፍ ሲል አንድ አንዱን ከሥሩ፣ ማለትም ከቆዳው ጋር ተያይዞ ከነበረበት ጫፍ፣ ብሱትና በሁለት ነጭ ወረቀት መካከል ዘርግታችሁ ከባድ መጽሐፍ ጫኑበት። ጥላ ውስጥ ያድር። ፀሐይ ላይ ከዋለ ይጠቀለላል።

በማግሥቱ ከወፍራም ጨርቅ የሲኒ አፍ የሚያህል ክብ ቁረጡ። ቅርፊቱን ከውጭው ዳር ጀምራችሁ ዙሪያውን ስፉት፤ እያንዳንዱ የጎረቤቱን ግማሽ ይሸፍን። ሁለተኛው ዙር ከመጀመሪያው ገባ ብሎ ስፌቱን ይደብቃል። እንዲህ እያላችሁ መሐል ስትደርሱ አንድ ቁልፍ ስፉበት፤ አበባ ሆነ። ታላቋ ልጄ ይህን ሥራ ለማንም አትለቅም። ትንሹ ደግሞ የተረፈውን ቅርፊት ሁሉ እሱ ካላገኘ ያኮርፋል፤ ባለፈው ገና ካርቶን ላይ ደርድሮ፣ ረጅም እግር ቀጥሎበት፣ «አባዬ፣ አባ ኮዳ ሠራሁ» አለኝ። ለገና ዛፍ ኮከብና መልአክ ነው እንጂ አባ ኮዳ አይሰቀልም የሚል ሕግ አላውቅም። ሰቀልነው፤ ለመለካት የመጣ ደንበኛ ሁሉ መጀመሪያ የሚጠይቀው ስለ እሱ ነበር።

ለዛፉ አናት የሚሆነውን መልአክ ከልብስ ሰፊ ለምኑ። ክሩ ያለቀበት የካርቶን ሾጣጣ ቀፎ እኛ ጋ ይጣላል። ከላይም ከታችም ክፍት ስለሆነ የዛፉ ጫፍ ውስጥ በደንብ ይቆማል። ነጭ የሸማ ጨርቅ ወይም የነጠላ ቁራጭ አልብሱት፤ ከግርጌው ጥለት ዞሮ ይሰፋ፣ ጥለቱ ወደ ታች ይዋል። ለራስ የታሸገ ጨርቅ፣ ለጸጉር ባዘቶ። ክንፉን ከጥለቱ ወርቃማ ክፍል ቁረጡና ጫፉን አጥፋችሁ ስፉት፤ ጥለት ሳይታጠፍ ከተቆረጠ ክሩ ይተረተራል። ፊት አትሣሉለት ብዬ አልከለክልም፤ ልጆቹ የሚሥሉት ዓይን ግን ሁልጊዜ ትልልቅ ነው፣ እንደ ቤተ ክርስቲያናችን ሥዕል፤ እኔም ደስ ይለኛል።

ከጥለቱ የተረፈው ጭረት፣ ማለትም ቀጭኑ ቁራጭ፣ ኳስ ነው የሚሆነው። ጋዜጣ ጨምድዳችሁ በክር እሰሩ፤ ጭረቱን በላዩ ጠምጥሙ፤ መጨረሻውን ስፉ። አጠገቡ አንድ ጫፉ ቆልመም ያለ ቅርንጫፍ ካንጠለጠላችሁ የገና ዱላና ጥንግ ሆነላችሁ፤ «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» የሚባለውንም ለልጆቹ የምትነግሩበት ምክንያት ታገኛላችሁ። በየመንገዱ ካለው ጃካራንዳ ሥር የወደቀው ጠፍጣፋ ደረቅ ፍሬም ለሁለት ከተከፈለ በኋላ ውስጡን ቀለም መቀባት ብቻ ነው የሚቀረው።

መስቀያውን በሽቦ አታድርጉት። ገበያ ሄዳችሁ የእንሰት ቃጫ ግዙ፤ ሲዳማ ውስጥ ቃጫ አይጠፋም። አንድ ዘለላ ለመንደሩ ሁሉ ይበቃል፤ ጠንካራ ነው፣ መልኩም ከዛፉ ጋር ይስማማል። ከባዱን የሊጥ ጌጥ ከግንዱ አጠገብ፣ ቀላሉን የቅርፊት አበባ ወደ ቅርንጫፉ ጫፍ ስቀሉ። ለዛፉ ብላችሁ ጥድ ከሥሩ አትቁረጡ፤ የሐበሻ ጥድ ለማደግ ብዙ ዓመት ይፈጃል። የተገረዘ ቅርንጫፍ ድንጋይ በተሞላ ባልዲ መትከል ይቻላል፤ እኛ ከቀርከሃ አጠናን ሦስት ማዕዘን አስረን ግድግዳ ላይ የሰቀልንበት ዓመትም ነበር። ባዘቶ፣ ነጠላና ወረቀት በቀላሉ ይቀጣጠላሉና መብራት ጠፍቶ ሻማ ሲበራ ከዛፉ አርቃችሁ አስቀምጡት። ጧፍም እንዲሁ።

ልጆቹ ሲተኙ ጠማማውን ስፌት ፈትቶ ማስተካከል የሚያምራቸው ወላጆች አሉ። በሙያዬ ጠማማ ስፌት ዓይኔን ይወጋኛል፤ ቢሆንም አልነካውም። ልጁ ጠዋት ተነሥቶ የራሱን ያውቃል።

ከጥምቀት በኋላ ስታወርዱት እያንዳንዱን የሊጥ ጌጥ በጋዜጣ ጠቅልላችሁ ክዳን ባለው ጣሳ ውስጥ አስቀምጡ፤ ጨው ክረምት ላይ እርጥበት ስለሚስብ ክፍት ቦታ የተቀመጠው ይለሰልሳል። ከመስቀላችሁ በፊት ግልጽ የጥፍር ቀለም በሁለቱም በኩል ከቀባችሁት ይበልጥ ይቆያል፤ ሽታው ስለሚከብድ በረንዳ ላይ፣ በአዋቂ እጅ ይሁን። የዓሣ ቅርፊቱን ግን ለብቻው፣ ከፍ ባለ መደርደሪያ ላይ አድርጉት። የቱንም ያህል ቢታጠብ ድመት ታገኘዋለች።